የጥቅምት አበባ በሐምሌ ለቅሶ

ጆሃንስበርግ፣ ጀፕስታውን ውስጥ የደምሰውን ስቱዲዮ የማያውቅ ሐበሻ ካለ፣ ወይ ትናንት ከድንበር የገባ ነው፣ ወይ ገና ያላገባ ነው። ደምሰው በብርድ ልብስ ጅምላ ሱቅና በጫማ መጋዘን መካከል በተሰነቀረች አንዲት ክፍል ሃያ ሁለት ዓመት ተቀምጦ የስንቱን ሠርግ፣ የስንቱን ክርስትና፣ የስንቱን ሽኝት ቀርጿል። ሙሽሮችን የፏፏቴ ሥዕል ፊት ማቆም ይወዳል። ያላማረውን ያሳምራል፣ የጠቆረውን ያቀላል፤ በዚህ የሚያሙት አሉ። በሽኝት ግን የሚያማው የለም። ለሽኝት ከማንም ሳንቲም ተቀብሎ አያውቅም።

ሽኝት እዚህ አገር ሰው ሲሞትብን፣ ሬሳው ወደ ኤርፖርት ከመሄዱ በፊት ቤተ ክርስቲያን ግቢ የሚደረገው ስንብት ነው። ቪዲዮው የሚቀረጸው አገር ቤት ላለችው እናት ተብሎ ነው። እናት ደግሞ የምትጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ «ሰው ነበረው ወይ?» ትላለች። ልጄ በሰው አገር አልቃሽ አጥቶ ተጣለ ወይስ ወግ ደረሰው ማለቷ ነው። ደምሰው ይህን ስለሚያውቅ ካሜራውን ሳጥኑ ላይ ብዙ አያቆይም፤ ሰዉን ነው የሚቀርጸው። ከግራ ወደ ቀኝ ቀስ አድርጎ ይወስደውና ደግሞ ከቀኝ ወደ ግራ ይመልሰዋል፣ ቤተሰቡ አንድ በአንድ ቆጥሮ እንዲጠግብ።

ሩሀማ የምትባል ልጅ አንድ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ላፕቶፕ ታቅፋ ወደ ስቱዲዮው የገባችው የዛሬ አምስት ዓመት ስለተቀረጸ አንድ ሽኝት ልታነጋግረው ነበር። ሃያ ሦስት ወይም ሃያ አራት ዓመት ቢሆናት ነው። ፀጉሯን በደቃቁ ተሠርታለች፣ ትልልቅ መነጽር አድርጋለች። እዚሁ ያደገች መሆኗን አማርኛዋ ይናገራል።

«ጋሽ ደምሰው፣ በስልክ ያወራነው እኔ ነኝ። ከፊልም ካምፓኒው።»

«ግቢ ልጄ፣ ቁጭ በይ። ያቺ ወንበር ታዛልቃለች፣ አትፍሪያት።»

ተቀመጠችና ሥራዋን አስረዳችው። ፊልሙ በየሎኬሽኑ፣ በየጥቁሮቹ ሰፈር፣ ሱቃቸው ውስጥ ስለተገደሉ ነጋዴዎች ነው። ዳይሬክተሯ ፊቤ ትባላለች፣ የዚሁ አገር ሴት ናት። የሩሀማ ድርሻ ደግሞ የቆየ ምስል መፈለግና ማስፈቀድ ነው። ካምፓኒው ራሱ ያልቀረጸው ምስል ፊልሙ ውስጥ ሊገባ ከሆነ፣ ማን ቀረጸው፣ የት፣ መቼ፣ የሚታዩት ሰዎች እነማን ናቸው፣ ፈቅደዋል ወይ፣ ይህን ሁሉ አጣርታ ወረቀት ላይ ታስፈርማለች። አንዱ ከጎደለ ምስሉ ይቀራል።

«ደሴ ሄደን የአንድ ሟች ቤተሰብ ቀርጸን ነበር» አለች። «እርስዎ የላኩላቸውን የሽኝት ቪዲዮ አሳዩን። ዳቬይተን ሎኬሽን ስፓዛ ሱቅ የነበረው አየነው። ያስታውሱታል?»

«አስታውሳለሁ» አለ።

እንዴት ይረሳዋል። ነገሩን ከዚህ በላይ ማንጠልጠል ደግ አይደለምና ልንገራችሁ። አየነው ሱቁ ውስጥ በዘራፊ ጥይት ሞቶ፣ ሬሳው ከሆስፒታል ተለቆ አውሮፕላን ያገኘው ያ ሁሉ ሱቅ በተዘረፈበት የሐምሌ ሳምንት ላይ ነው። መንገዱ በሚነድ ጎማ ተዘግቷል። ሎኬሽን ያለው ሱቁን ቆልፎ ውስጥ ተደብቋል፣ ከተማ ያለው ከበሩ አይወጣም። ማንም ክፉ ሆኖ አልቀረም፤ ቀኑ ነው የከፋው። አምስት ሰው ተገኘ። ቄሱ፣ የሱቅ ሸሪኩ ዑራኤል፣ የሬሳ መኪናው ሹፌር፣ ከአየነው ሱቅ ትይዩ ይነግድ የነበረው አብዱልመጂድ፣ አምስተኛው ደምሰው። ደምሰው ካሜራ ስለያዘ በምስሉ የሚታየው አራት ነው።

በማግስቱ የአየነው እናት ወይዘሮ የአለምወርቅ ከደሴ ደወሉ። «ልጄ፣ ሰው ነበረው ወይ?» አሉ። የደምሰው አፍ ቀደመው። «ሞልቶ ነበር እማማ፤ መቆሚያ ጠፍቶ ነበር» አለ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው፤ ያለውን እውነት ለማድረግ ኮምፒዩተሩ ፊት ተቀመጠ።

ከዘጠኝ ወር በፊት፣ ጥቅምት ላይ፣ የቀረጸው የእናትነሽ ሽኝት ነበረው። እናትነሽ ዮቪል ውስጥ ትንሽ ምግብ ቤት ነበራት። ከድንበር የመጣ ሁሉ የመጀመሪያ ምሳውን የበላው እሷ ጋ ነው፤ ስሙን ሳትጠይቅ ታበላለች። ስትሞት ሱቁን ያልዘጋ ሐበሻ አልነበረም። ደምሰው ከዚያ ሽኝት ግቢው ጢም ብሎ የሚታይበትን አርባ ሰከንድ ቆርጦ ወሰደ። አንዲት አምርራ የምታለቅስ ልጅ አለች፤ ግራና ቀኝ ደግፈው የያዟት ሴቶች የእናትነሽን ፎቶ ታቅፈው ነበርና ምስሉን አጥብቦ ሴቶቹን ከጎንና ከጎን አስወጣቸው። ልጅቷ ብቻዋን ቀረች። ቄሱ የእናትነሽን የክርስትና ስም ሲጠሩ ስለሚሰማ ድምፁን አጥፍቶ መዝሙር ደረበበት። ይህን ሁሉ በአየነው አራት ሰዎች መካከል ሰካውና ወደ ደሴ ላከው። ወይዘሮ የአለምወርቅ አይተው «እፎይ» አሉ። እሱም ነገሩ እዚያ ያለቀ መስሎት ነበር።

ሩሀማ ላፕቶፑን ከፈተች። ደሴ የተቀረጸው ነው፤ ጠባብ ሳሎን፣ ግድግዳ ላይ የአየነው ፎቶ፣ አንድ ቴሌቪዥን። ወይዘሮ የአለምወርቅ ከልጃቸው ከፀገነት አጠገብ ተቀምጠዋል። የሽኝቱ ምስል ሲመጣ ተነሥተው ወደ ቴሌቪዥኑ ተጠጉና ሰዉን በጣታቸው እየነኩ ያሳዩ ጀመር። ይሄ ወፍራሙ ጓደኛው ይሆናል፤ አንገቱን ደፍቶ ቀረ እኮ። እኒህ ሽማግሌ እንደ አባት ያዩት የነበሩ ናቸው መሰለኝ። ከዚያ ጣታቸው ቆመ።

«ይህቺን አያችኋት?» አሉ ለፊልም ሰሪዎቹ። «ነጠላዋ ከራሷ ወድቆ የማታነሳውን። ስሟን አላውቅም። ጸሎት ላይ ‹ያቺን ልጅ አስባት› ነው የምለው። ለልጄ እንዲህ የሚያለቅስለት ሰው ነበረው። ይሄንን ነው ዓለም እንዲያይልኝ የምፈልገው።»

ሩሀማ ምስሉን አቆመችው። ደምሰው መሐረቡን ፈልጎ አጣውና በእጁ ጀርባ ፊቱን ጠረገ።

«ፊቤ ያለዚህ ሲን ፊልሙ ባዶ ነው ትላለች» አለች ሩሀማ። ወረቀቱን ከቦርሳዋ አወጣች። «እዚህ ላይ እርስዎ የሚያረጋግጡት፣ ምስሉ የራስዎ መሆኑን፣ በተባለው ቀን በተባለው ቦታ መቀረጹን፣ የሌላ ምስል ያልተቀላቀለበት መሆኑን ነው።»

«አምጪው፣ ልፈርም።» እስክሪብቶውን ከኪሱ መዘዘ።

ወረቀቱን አልለቀቀችለትም። «ቀኑ መቼ ነበር?»

«ሐምሌ ሰባት።»

«ሐምሌ እኮ እዚህ ዊንተር ነው።»

«ታዲያስ። ምን ያለ ብርድ ነበር መሰለሽ።»

እውነቱን ነው። አገር ቤት ለጥቅምት አንድ አጥንት የሚያሰኘው ብርድ እዚህ በሐምሌ ነው የሚመጣው፣ ጥቅምት ደግሞ ሙቀት ነው። ሩሀማ ላፕቶፑን ወደ እሱ አዞረችው። ግቢውን የሞላው ሕዝብ በእጅጌ ጉርድ ሸሚዝ ቆሟል፣ ሴቶቹ ላባቸውን ይጠርጋሉ። ከአጥሩ በላይ አንድ የጃካራንዳ ዛፍ እስከ ጫፉ ወይን ጠጅ አብቧል፣ የረገፈው አበባ የሰዉ ጫማ ሥር ተነጥፏል።

«ጃካራንዳ በሐምሌ አያብብም፣ ጋሽ ደምሰው።»

«ያን ዓመት ቀደም ብሎ...» ብሎ ጀመረና ራሱ አፈረ። ሲሠራውም አበባውን አይቶት ነበር። ደሴ ሆኖ ማን ያውቃል ብሎ ነው የተወው፤ አንድ ቀን የጆሃንስበርግ ዓይን ያየዋል ብሎ አላሰበም። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል። የደምሰው እውነት ለመጥራት አምስት ዓመት ፈጀ እንጂ አልቀረለትም። እስክሪብቶውን አስቀምጦ ሁሉንም ነገራት፤ አራቱን ሰዎች፣ የእናትየውን ስልክ፣ አርባውን ሰከንድ።

«ሰዉ የሌላ ሰው ሽኝት ላይ የነበረ ነው» አለ። «የአንዲት ደግ ሴትዮ። እናትነሽ ትባል ነበር፤ አንቺ አታውቂያትም።»

«አውቃታለሁ» አለች ሩሀማ። «ነጠላዋ የወደቀባት ልጅ እኔ ነኝ።»

ደምሰው ወደ ምስሉ አየ፣ ወደ እሷ አየ። መነጽሩንና ሹሩባውን በሐሳቡ አነሣላት። እናትነሽ ሳህን እያሸከመች ከጠረጴዛ ጠረጴዛ የምትልካት ያቺ ቀጭን ልጅ ወጣች።

«ሚጡ?» አለ።

«በዚያ ስም የሚጠራኝ አሁን የለም።» ድምጿ አልጨመረም፣ አልቀነሰም። «ቢሮ ውስጥ ከሥራ ባልደረቦቼ ጋር ቁጭ ብዬ ነው ያየሁት። ሁሉም ያለቅሳሉ። እኔ ራሴን አየሁ። እናቴን የሸኘሁበት ቀን የሌላ ሰው ሆኖ። መጀመሪያ ያመመኝ መስሎኝ ነበር፣ ሲሪየስሊ። ቤት ሄጄ ነጠላውን አውጥቼ ጥለቱን ከምስሉ ጋር አስተያየሁት።»

«ልጄ፣ እናትሽ ብትኖር እኮ፣ የሰው ስም ሳትጠይቅ ነበር የምታበላው...»

«እናቴን አያምጡብኝ።»

ልክ ነበረች። ለቅሶ ብድር ነው ይላሉ፤ ዛሬ እኔ እደርስልሃለሁ፣ ነገ አንተ ትደርስልኛለህ። ግን ማንም ቢሆን የሚያበድረውን አውቆ ነው የሚያበድረው። ይህቺ ልጅ ግን በአሥራ ስምንት ዓመቷ ያለቀሰችውን ሳትጠየቅ ተወስዶባታል።

«አፉ በይኝ» አለ።

አፉ ብያለሁ አላለችም። «የአየነውን ጥሬውን ያሳዩኝ» አለች። «ያልተነካካውን።»

ከመሳቢያው የአየነው ስም የተጻፈበትን ሃርድ ዲስክ አወጣ። እሱም ከዚያ ወዲህ ከፍቶት አያውቅም። አብረው አዩት። ደረቅ ሣር፣ ባዶ ግቢ፣ ከሩቅ የጎማ ጭስ። ዑራኤል ብርድ ልብስ ደርቦ ይንቀጠቀጣል። አብዱልመጂድ ከሌሎቹ ትንሽ ፈንጠር ብሎ እጁን አጣምሮ ቆሟል። ቄሱ ጸሎቱን ያፋጥናሉ፤ ኤርፖርት የሚያደርሰው መንገድ ሊዘጋ ነው ተብሏል። ከዚያ የዑራኤል ድምፅ ይሰማል። «ጋሼ፣ ሰው አነሰን፣ ካሜራውን አስቀምጠህ በዚህ ያዝ።»

ምስሉ ተወዛወዘና አጥር ላይ ተጋድሞ ቀረ። ሰማዩ በጎን ሆነ። በተጋደመው ምስል ውስጥ አምስት ሰዎች ሳጥን ተሸክመው ያልፋሉ፤ ቄሱ በአንድ እጃቸው መስቀል፣ በአንድ እጃቸው ሳጥኑን ይዘዋል። ስድስተኛው እጀታ ያዥ የለውም። ሳጥኑ ወደዚያ ሲያዘነብል አብዱልመጂድ ሮጦ ይደግፈዋል፣ ሲቃና ወደ ቦታው ይመለሳል፣ ደግሞ ይሮጣል። ደምሰው ራሱን አየ። እንደ ሕፃን አፉን ከፍቶ ያለቅስ ነበር። ማልቀሱን እስካሁን አያውቅም ነበር።

ሩሀማ ምስሉ ካለቀም በኋላ ከጥቁሩ ስክሪን ላይ ዓይኗን አላነሳችም። «ይሄን ለምን አልላኩላቸውም?»

«አምስት ሰው እኮ ነው።»

«አምስቱም እያለቀሱ ነው።»

«እናት የመጣውን አትቆጥርም፣ ልጄ። የቀረውን ነው የምትቆጥረው።»

ሩሀማ መነጽሯን አውልቃ ዓይኗን አሸች። ከዚያ ነገሩን እንደ ሥራ አድርጋ ዘረዘረችለት፤ እንደዚያ ካልሆነ መናገር የምትችል አልመሰለውም።

«እውነቱን ሪፖርት ባደርግ ፊቤ ሲኑን አትጥለውም። የበለጠ ትወደዋለች። ደሴ ተመልሳ ሄዳ ካሜራ ፊት ትነግራቸዋለች። ዝም ብዬ ባሳልፈው ደግሞ ፊልሙ እዚህ ሲታይ እናቴን የሸኘ ሁሉ ራሱን ያያል። ወሬው ደሴ ለመድረስ አንድ ቀን አይፈጅበትም።»

ደምሰው ወይዘሮ የአለምወርቅን አሰበ፤ ያን ጣታቸውን፣ የቴሌቪዥኑ መስተዋት ላይ ሰው ሲቆጥሩ። አምስት ዓመት ያሳረፋቸውን ነገር በአንድ ቀን ሊነጠቁ ነው። ልጃቸው ለሁለተኛ ጊዜ ሊሞትባቸው ነው፣ ያውም ያለ ሰው። «ምን ይሻላል ታዲያ?» አለ።

«ምስሉ ውስጥ ያለ ሰው እንቢ ካለ አለቀ። ምክንያት አይጠየቅም።»

ሌላ ወረቀት አወጣች። በምስሉ የሚታዩ ሰዎች በተራ የተዘረዘሩበት ነው። አንደኛው መስመር ላይ «ነጠላዋ የወደቀባት ሴት» ይላል። አጠገቡ «ተገኝታለች፤ አልፈቀደችም» ብላ ጻፈች፣ ፈረመችበት። ሦስት ወር ሙሉ ከሰው ፈቃድ ስትለምን የከረመች ልጅ፣ ራሷን ጠይቃ ራሷን ከለከለች።

«እማማ የአለምወርቅ ግን ፊልሙን እየጠበቁ ነው» አለች። «ለጎረቤት ሁሉ ተናግረዋል። ከሌላ ሰው ከሚሰሙት እኔ ልንገራቸው። እርስዎም ይስሙ።»

ደሴ ደውላ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣ ድምፁን ከፈተችው። ፀገነት አንሥታ ለእናቷ ሰጠች።

«ደህና ነሽ የኔ ልጅ? ፊልሙ ደረሰ?» አሉ ወይዘሮ የአለምወርቅ።

«ሊደርስ ነው እማማ። ግን የሽኝቱ ምስል አይገባበትም። ሶሪ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ።»

«ምነው? ምን አጠፋን?»

«እርስዎ ምንም አላጠፉም። ምስሉ ላይ ያለ ሰው ካልፈቀደ አይቻልም። አንድ ሰው አልፈቀደም።»

«ማነው እሱ?»

«ነጠላዋ የወደቀባት ልጅ።»

ደምሰው ወቀሳ ጠበቀ። ቢያንስ አንድ ቅያሜ።

«አገኛችኋት?» አሉ ወይዘሮ የአለምወርቅ። ድምፃቸው ከተኛበት ተነሣ። «ደህና ናት?»

ሩሀማ የጠረጴዛውን ጠርዝ ያዘች። «ደህና ናት።»

«ተመስገን። ተመስገን ጌታዬ። ለምን እንቢ እንዳለች ነገረችሽ?»

«ለቅሶዋን ሰው እንዳያይባት ነው።»

«እውነቷን ነው። እኔ ነኝ ያጠፋሁ፣ ላገር ሁሉ ሳሳይባት የኖርኩ። ይቅር። ፊልሙ ላይ ባይኖር እኔ ጋ አለ፤ እኔ ካየሁት ይበቃኛል።» ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ቅር እንዳላቸው ያስታውቃል፣ ሊደብቁት ሞከሩ እንጂ። «ግን አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ይሄን ሁሉ ዓመት ሳያት፣ አጠገቧ ሆኖ የሚደግፋት ሰው የለም። ያ ሁሉ ሕዝብ ቆሞ። እንዲያ ስትሆን እጇን የሚይዝላት እንዴት ይጠፋል? እናት የላትም ወይ?»

ደምሰው ዓይኑን ጨፈነ። ግራና ቀኝ የያዟትን ሁለት ሴቶች ከጎንና ከጎን የቆረጠባት እሱ ነው። ያንን ሲሠራ ፎቶውን ለመደበቅ ብቻ ነበር ያሰበው። ሩሀማ ስልኩን ወደ ራሷ ሳበችው።

«የላትም» አለች። «ሞታለች። እሷም እዚሁ ነው የሞተችው።»

«እኔን። እኔን ልጄን። ለካ ለልጄ ስታለቅስ የእናቷንም ጨምራ ነው።» ወይዘሮ የአለምወርቅ ማልቀሳቸው ተሰማ፤ ከዚያ ራሳቸውን ያዙ። «የእናቷን የክርስትና ስም ታውቂው ይሆን? የልጄ ሙት ዓመት እየደረሰ ነው። ቄሱ ፍትሐት ሲያደርሱ አብሬ አስጠራታለሁ። የዚያችን ልጅ ብድር ሌላ በምን እከፍላለሁ።»

የሩሀማ እንባ በመነጽሯ ሥር ይወርድ ነበር። እንደዚያ ቀን ሁሉ አልጠረገችውም።

«ወለተ ሰንበት» አለች ሩሀማ።

«ቀስ ብለሽ በይልኝ፤ ፀገነት እየጻፈች ነው።»

«ወለተ ሰንበት።»

ደምሰው ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ያን ጊዜ ቄሱ ሲጠሩት እንዳይሰማ ብሎ ድምፁን ያጠፋበት ስም ይህ ነበር።